ኤንካርና ከመድረኩ ሥር

ማቲያስ የደወለልኝ ልብስ እየተኮስኩ ሳለ ነው። ዙሪክ ከመጣሁ ወዲህ ከጄኔቭ የሚደውልልኝ ስፔናዊ ስላልነበረ ድምፁን ለመለየት ጥቂት ዘገየሁ። ቁጥሬን ጄኔቭ ካለችው ከእትዬ ዘሃራ ለምኖ እንደወሰደ ነገረኝ፤ ደህንነቴን ጠየቀኝ፤ ከዚያ ዝም አለ። እሱ ዝም ሲል ድሮም ያስጨንቀኛል። ካውያውን ከልብሱ ላይ አንስቼ እንደያዝኩ ቆምኩ።

«ኤንካርና ሄደችብን» አለኝ። «ስፔን፣ የአባቷ መንደር ወስደን ቀበርናት። ከአጥሩ ውስጥ ነው፣ ሰዓዳ። ከውስጥ መሆኑን ላንቺ እንድንነግርሽ አደራ ብላ ነበር።»

ከዚያ አንድ ጥያቄ ጠየቀኝ። ጥያቄው ትንሽ ነው፤ ለመመለስ ግን ስንት ዓመት ልቤ ውስጥ ያስቀመጥኩትን ነገር ማንሳት ነበረብኝ። ስለዚህ እሱን አቆይቼ መጀመሪያ ስለሷ ላውራ። ስልኩን ከዘጋሁ በኋላም ምን ብዬ ዱዓ እንደማደርግላት ግራ ገብቶኝ ክፍሉ ውስጥ ስንቆራጠጥ ነው የዋልኩት። ለካ መንቆራጠጥንም ያስተማረችኝ እሷ ነች።

ኤንካርና በዕድሜ እናቴ ትሆናለች። እኛ ደሴ ባደግንበት ደንብ እንዲህ ያለችን ሴት «አንቺ» ማለት ነውር ነው። እሷ ግን ገና በመጀመሪያው ሳምንት «አንድ ባልዲ ይዘው የሚወጡ ሰዎች እርስዎ አይባባሉም» ብላ በግድ አስለመደችኝ። ጄኔቭ ሳለሁ፣ ግራንድ ሳኮኔ በሚባለው ሰፈር ስብሰባ የሚደረግበት አንድ ትልቅ ሕንፃ አብረን እናጸዳ ነበር። እኔ ያኔ የመኖሪያ ፈቃዴን፣ ፔርሚ የሚሉትን፣ መልስ ስጠብቅ አራተኛ ዓመቴን ይዤ ነበርና የፖስታ ሣጥኑን በቀን ሦስቴ እከፍት ነበር። እሷ ፔርሚዋ ከወጣላት ዘመን ቢቆጠርም ከኔ ብሳ አታርፍም። ሻይ ቆማ ትጠጣለች። አውቶቡስ ውስጥ ባዶ ወንበር ሞልቶ ዘንጉን ይዛ ትቆማለች። እጇ ሥራ ካጣ የጋውኗን ቁልፍ ትፈታለች፣ መልሳ ትቆልፋለች።

«ኧረ ቁጭ በይ» ስላት፣ «ልጅነቴን በሙሉ ሣጥን ውስጥ ቁጭ ብዬ ነው የጨረስኩት፤ ይበቃኛል» ትለኝ ነበር።

ሣጥኑ የቲያትር ነው። አባቷ በስፔን ከተማ ለከተማ በሚዞር የቲያትር ቡድን ውስጥ አስታዋሽ ነበሩ። አስታዋሽ ማለት ከመድረኩ ጫፍ፣ መሐል ላይ፣ ወለሉ ተቆርጦ በተሠራች ጠባብ ሣጥን ውስጥ ተቀምጦ፣ ጽሑፉን በትንሽ መብራት እየተከታተለ፣ ተዋናይ ቃል ሲጠፋበት ሹክ የሚል ሰው ነው። በተመልካቹ በኩል ክዳን ስላለው ማንም አያየውም። እሱም ከዚያ ሆኖ በደንብ የሚያየው የተዋናዮቹን እግር ነው። ኤንካርና ከአባቷ ጎን ተሸጉጣ ነው ያደገችው፤ ፊደል ከመቁጠሯ በፊት እግር ማንበብ ተማረች።

ዓስር፣ የከሰዓት በኋላው ሶላት፣ ሥራ ላይ ይደርስብኛል። መጥረጊያና ሳሙና የምናስቀምጥበት ክፍል ውስጥ ስሰግድ እሷ ደጁን ትጠብቅልኛለች። አንድ ቀን አለቃችን መጥቶ ሊከፍት ሲል «ትዕይንቱ አላለቀም፤ በመሐል አይገባም» ብላ በሩ ላይ ተደግፋ መለሰችው። ስወጣ ተቆጥቼ ሶላት ትዕይንት አለመሆኑን ነገርኳት።

«አውቃለሁ፣ ኢሃ» አለችኝ። ኢሃ በነሱ ልጄ ማለት ነው። «ግን በቃልሽ ነው የምትዪው። ቢጠፋብሽስ?»

ብቻዬን ስሆን ወደኋላ ተመልሼ እንደምጀምር፣ በጀማዓ፣ በኅብረት፣ ስንሰግድ ግን ኢማሙ ቢሳሳት ከኋላው የቆሙት እንደሚያስታውሱት ነገርኳት። ባልዲዋን መሬት አስቀምጣ አፍጥጣ አየችኝ። ከዚያ ቀኑን ሙሉ አብረውን ለሚሠሩት ፖርቹጋሎች ሁሉ፣ የሰዓዳ ሰዎች ፈጣሪ ፊት ሲቆሙም አስታዋሽ አላቸው እያለች ስትናገር ዋለች። እንዴት አድርገው እንደሚያስታውሱት ግን አልጠየቀችኝም። እኔም አልነገርኳትም።

እኔ ስለ ቲያትር የማውቀው ሐራም ባይሆን እንኳ የሐራም ጎረቤት መሆኑን ነበር። እሷ ወለል ስናጥብ የምትነግረኝ ግን ሌላ ነው። የአራት መቶ ዓመቱን ነገር ትናንት በዓይኗ አይታ እንደመጣች አድርጋ ትነግረኛለች። ያኔ በሷ አገር ቲያትር የሚታየው በቤቶች መካከል ባለ ግቢ ውስጥ፣ በጠራራ ፀሐይ ነው። ድሃው መሬት ላይ ቆሞ ያያል፤ ባለጸጋው በገዛ መስኮቱ ይመለከታል። ሴቶች በሌላ በር ገብተው «ድስቱ» በሚባል ሰገነት ለብቻቸው ይታጨቃሉ፤ ቦታ እንዲበቃ እየገፋ የሚያጠጋጋቸው ሠራተኛ ሁሉ ነበር።

«እናንተም መስጊድ ለብቻ በር አላችሁ አይደል?» ትለኛለች። «እንግዲህ የኛንም እወቂው። ደራሲ የሚፈራው ንጉሡን አልነበረም፣ ድስቱን ነው። ሴቶቹ ካልጣማቸው ቁልፋቸውን ያንቃጭላሉ፣ ያፏጫሉ፤ ጨዋታው እዚያው ይሞታል።»

ከመግቢያ ክፍያው የሚገኘው ገንዘብ ለድሆች ሕክምና ቤት ይውል እንደነበርም ነገረችኝ። ቄሶቹ ቲያትር ይዘጋ ባሉ ቁጥር የሕክምና ቤቱ ሰዎች፣ በሽተኞቻችን ምን ይብሉ ብለው ይሟገታሉ። ይሄን ስሰማ የኛ ወቅፍ፣ ለበጎ ሥራ የሚሰጠው ንብረት፣ ትዝ አለኝና ሳላስበው ጆሮዬን ሰጠኋት። በትልቅ በዓል ቀን ደግሞ ያችው ቤተ ክርስቲያን ተዋናዮቹን በጋሪ አሳፍራ፣ በየአደባባዩ ስለ ነፍስና ስለ ሰይጣን ቲያትር ታሠራቸዋለች። ሲሞቱ ግን በብዙ ቦታ ከመቃብሩ አጥር ውጭ ነበር የሚጣሉት። እዚህ ላይ ስትደርስ መጥረጊያዋን እንደ ዱላ ትነቀንቃለች።

«በበዓል መልአክ ያደርጉሻል፣ ስትሞቺ ከውሻ ጋር። እኔን ከአጥሩ ውስጥ ነው የምታስገቡኝ፤ ሰምተሻል?»

ሰምቻለሁ እላታለሁ። እንዲህ በቁም ነገር ትለው እንደነበር ግን እስከዚያ ስልክ ድረስ አላወቅኩም።

እሑድ እሑድ ከሰዓት በኋላ ጄኔቭ አጠገብ፣ ላንሲ ባለው የስፔን ሠራተኞች ክበብ ቲያትር ታሠራለች። ተዋናዮቹ ግንበኞች፣ አስተናጋጆችና እንደኛ ጽዳት ላይ ያሉ ናቸው። ማቲያስ ከነሱ አንዱ ነው፤ ግንበኛ፣ እጁ ትልልቅ፣ ንግግሩ ጥቂት። በዚያ ዓመት የኤንካርናን ሁለት ዓይኖች ሞራ ጋረዳቸው። ሐኪሙ የሰጣት የቀዶ ጥገና ቀጠሮ ገና ሩቅ ነው፤ በስዊዝ ያሉ የስፔን ክበቦች ቲያትር ይዘው ዙሪክ ላይ የሚገናኙበት ቀን ግን ደርሷል። ሣጥኑ ውስጥ ጽሑፉን የሚያነብላት ሰው ያስፈልጋታል። እኔ ደግሞ ፈረንሳይኛ ሳልችል ነው ከኤንካርና ስፓኝኛ የለመድኩት።

«ዓይኔን ሁኚኝ» አለችኝ። ሁለት ሳምንት እምቢ አልኳት። ለዛቫንሼ የሚባለው ሰፈር ሄጄ እንደ ታላቅ እህት የማያትን እትዬ ዘሃራን አማከርኩ።

«መድረክ ሥር ተጎልተሽ ምን ልታደርጊ?» አለችኝ።

«ላነብ።»

«ቁርአን ነው?»

«አይደለም።»

«እንግዲያ እቤትሽ ተጎለቺ።»

ለኤንካርና ይሄንኑ ስነግራት፣ ሣጥኑ ከሻሼ የበለጠ እንደሚሸፍነኝ፣ ወንድ ቀርቶ አይጥ እንደማያየኝ ነገረችኝ። እሺ ያሰኘኝ ግን ይሄ አይደለም። እሺ ያሰኘኝ የአባቷ ነገር ነው።

ዙሪክ የሚታየው ጨዋታ አባቷ ድሮ ያስታውሱት የነበረው ራሱ ነው፤ ስለ አንድ መንደር ነው። የመንደሩን የውሃ ጉድጓድ አንድ ሰው ደፍኖታል፤ ሕዝቡ በጥም ያልቃል። መጨረሻ ላይ ተሰብስበው አንድ ሽማግሌ ይጠይቃሉ፤ ሽማግሌው ዝም ብሎ ቆይቶ «ጉድጓዱን የደፈነው ሰው እዚህ መሐላችን ተቀምጧል» ይላል። በአገሯ አምባገነን ዘመን ማንኛውም ቲያትር ከመታየቱ በፊት ለመርማሪ ይቀርባል። መርማሪው ያቺን አንዲት ቃል በቀይ እርሳስ ሰረዛት። ጨዋታው ሲታይም አንድ ፖሊስ የተሰረዘውን ጽሑፍ ይዞ ይቀመጣል። አንድ ቀን በአንድ መንደር፣ ሹሙ ፊተኛው ወንበር ላይ ተቀምጦ፣ ሽማግሌውን የሚጫወተው ሰው እዚያ ቦታ ደረሰና እንደታዘዘው አፉን ዘጋ። አዳራሹ ጸጥ አለ። ያን ጊዜ ቃሉ ከወለሉ ሥር መጣ። ዕድሜያቸውን ሙሉ ለተዋናይ ብቻ ሲያንሾካሹኩ የኖሩት ሰው ለመጀመሪያ ጊዜ ሕዝቡ እንዲሰማ አድርገው ተናገሩት። ፖሊሱ መድረኩ ላይ ያሉትን አፍ አፋቸውን ቢያይ የተንቀሳቀሰ ከንፈር የለም። ጨዋታው ካለቀ በኋላ መጥቶ ከሣጥኑ ጎትቶ አወጣቸው። ኤንካርና አሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ነበር፤ ከጎናቸው ነበረች። ከሁለት ዓመት በኋላ ሲፈቱ ሳንባቸው አልቆ ነበር፤ የሚቀጥራቸውም አልተገኘም።

«ያንን ቃል» አለችኝ፣ የጋውኗን ቁልፍ እየፈታችና እየቆለፈች፣ «ሰው ቆሞ፣ ፊቱ በብርሃን እየታየ ሲለው አንድ ጊዜ መስማት እፈልጋለሁ። አንድ ጊዜ ብቻ፣ ኢሃ። ከዚያ እቀመጣለሁ።»

ኢስቲኻራ፣ ፈጣሪን ምርጫ የሚጠይቁበትን ሶላት፣ ሰገድኩና ሄድኩ።

ላንሲ ክበብ ውስጥ ሣጥን ስላልነበረ የምንለማመደው ጠረጴዛ ሥር ነው። ጨርቅ አልብሰውት፣ ባትሪ ይዤ ከሥሩ እገባለሁ፤ ተዋናዮቹ በሻሼ እየቀለዱ «ቅድስታችን ገብታለች?» ይባባላሉ። ኤንካርና ከጎኔ ተንበርክካ ታስተምረኛለች። ዝምታ ሁለት ነው ትለኛለች፤ የረሳ ሰው ዝምታና የሚያውቅ ሰው ዝምታ። «የረሳ ሰው እግሩ ቃሉን ይፈልጋል። ተረከዙ ይነሳል፣ ጣቱ ጫማው ውስጥ ይሰበሰባል። የሚያውቅ ሰው እግሩን ይተክላል። የተተከለ እግር ላይ ቃል አትጣይ፤ ዝምታውን ትገድይበታለሽ።»

ሽማግሌውን የሚጫወተው ማቲያስ ነው። ሁሉንም ይችላል፤ ያቺ ቃል ላይ ሲደርስ ግን ሁልጊዜ ይቆማል። ሹክ እንለዋለን፣ ይላታል፤ በሚቀጥለው እሑድ መልሶ ይቆማል። ተዋናዮቹ ይስቁበታል፤ እሷ አትስቅም። «አልረሳም፣ ፈርቷል» አለችኝ አንድ ቀን ጠረጴዛው ሥር። «ያ አምባገነን ከሞተ ስንት ዓመቱ። የማቲያስ ምላስ መርዶውን አልሰማም።» እኔ የቀበሌ ስብሰባ እየተቀመጥኩ ያደግኩ ሰው ነኝ፤ ስለ ምላስ ማብራሪያ አላስፈለገኝም።

ወደ ዙሪክ የሄድን ዕለት ባቡሩ ውስጥ ሁሉም ሲዘፍን እሷ መተላለፊያው ላይ ቆማ ነበር፤ ሎዛን፣ በርን፣ ቆማ። እኔ ዙህርን፣ የቀትሩን ሶላት፣ ወንበሬ ላይ ሰግጄ ጽሑፉን እደግማለሁ። አዳራሹ ከባቡር ጣቢያው ብዙም የማይርቅ ያረጀ የሠራተኞች አዳራሽ ነበር፤ እውነተኛ የአስታዋሽ ሣጥን አለው። ኤንካርና በእጇ ዳብሳ ስታገኘው ጠርዙን ስማው ገባች። ሁለታችን ትከሻ ለትከሻ ተጣበቅን። ከኋላችን የሰው ድምፅ ይሰማኛል፤ ሞልቶ ግድግዳውን ይዘው የቆሙ ነበሩ። የዓስር ሰዓት እየቀረበ ነው፤ ሰዓቴን አያለሁ፣ ጽሑፉን አያለሁ፣ እግር አያለሁ።

ጨዋታው ያለ ስህተት ሄደ። ማቲያስ እዚያ ቦታ ደረሰ። መንደሩ ጠየቀው። ዝም አለ።

እግሩን አየሁ። ግራው ተተክሏል። የቀኙ ተረከዝ ግን ከወለሉ ተነስቷል።

ኤንካርና ክንዴን ጨበጠችው። «እግሩ?» አለችኝ በትንፋሽ።

አንዱ እግር ያውቃል፣ አንዱ ረስቷል። ቃሉ ጣቴ ሥር ነው። ከኋላዬ ግን ያ ሁሉ ወንድ ጸጥ ብሎ ተቀምጧል። እንግዲህ እኔ ከልጅነቴ ጀምሮ፣ ፊት የቆመ ሰው ቃል ጠፍቶት ዝም ሲል ምን እንደማደርግ አንድ ነገር ነው የተማርኩት። ሶላት ላይ ኢማሙ ሲሳሳት ወንዶች «ሱብሃነላህ» ይላሉ፤ ሴቶች ድምፃቸውን አያሰሙም፣ በእጃቸው ነው የሚያጨበጭቡለት፤ የቀኝ መዳፋቸውን በግራ እጃቸው ጀርባ ላይ አንዴ። ሳላስበው እጄ ይሄንኑ አደረገ።

በዚያ ጸጥታ ውስጥ ጥይት የተተኮሰ መሰለ። ፊት የተቀመጠ አንድ ሰው ጨዋታው ያለቀ መስሎት አጨበጨበ፤ ቀጥሎ ጎረቤቱ፤ ቀጥሎ አዳራሹ በሙሉ። የማቲያስ ቀኝ ተረከዝ ያን ጊዜ ወረደ። ሁለት እግሩን ተክሎ አንድ እርምጃ ወደፊት መጣ። ቀና ብዬ አየሁት። መብራቱ ፊቱ ላይ ነበር፤ ከንፈሩ ተንቀሳቀሰ፤ ቃሉን ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው አለው። ጭብጨባው ዋጠው።

«አለው?» አለችኝ።

«አለው።»

«ሰሙት?»

«አልሰሙም» አልኳት። ከዚያ በላይ የከበደኝ ቃል በሕይወቴ ጥቂት ነው።

እጇን ከክንዴ ላይ አነሳች። ጭብጨባው እስኪሳሳ ጠበቀች። ከዚያ በማላውቀው ድምፅ፣ ሳትጮህ፣ ግን እንጨቱ ሁሉ አብሯት እንደሚናገር ሆኖ፣ «ጉድጓዱን የደፈነው ሰው እዚህ መሐላችን ተቀምጧል» አለች። ጭብጨባው ተቆረጠ። ማንም አልሳለም። አንድ ወንበር ሲንቋቋ ብቻ ሰማሁ። መጋረጃው እስኪወርድ ድረስ እንደዚያው ሆነ።

ስንመለስ ከዙሪክ እስከ ጄኔቭ ቆማ መጣች። ባየኋት ቁጥር እቀመጣለሁ ያለችው ትዝ ይለኛል። በርን ካለፍን በኋላ ተነስቼ አጠገቧ ቆምኩና ያ ጭብጨባ ምን እንደነበር ነገርኳት፤ የኢማሙን፣ የወንዶቹን፣ የሴቶቹን። ፊቷን ወደ መስኮቱ አድርጋ ሰማችኝ። ሎዛን ስንደርስ «አባቴም ከሥር ነው የተናገረው» አለች። ሌላ አልጨመረችም። ይሁን ማለቷ ይሁን፣ ለዚህ ነው ወይ ሠላሳ ዓመት የጠበቅኩት ማለቷ፣ አላወቅኩም።

ዓይኗ ተሠርቶ ማየት ቻለች፤ ወደ ላንሲም መልሳ አልጠራችኝም። ሥራ ላይ ያው ናት፤ በሩን ትጠብቅልኛለች፣ ሻይዋን ቆማ ትጠጣለች። ጥቂት ወራት ቆይቶ ፔርሚዬ ወጣ፤ ዙሪክ የልብስ ንጽህና ቤት ሥራ አገኘሁና ልሄድ ሆነ። የስንብታችን ቀን አውቶቡስ ማቆሚያው ላይ «ይቅር በይኝ» አልኳት። «ምኑን?» አለችኝ፣ ከልቧ እንደ ገረማት። አውቶቡሱ መጣ። ብዙ ጊዜ ልደውልላት ስልኩን አንስቼ መልሼ አስቀምጬዋለሁ። ያንን ጥያቄዋን እንደ ይቅርታ ልውሰደው ወይስ እንደ ቁጣ እያልኩ ዓመታት አለፉ።

አሁን ወደ ማቲያስ ስልክ ልመለስ። የጨዋታው ጽሑፍ እሱ ዘንድ ቀርቷል። ከዙሪክ በኋላ ይሄንኑ ጨዋታ በየዓመቱ ሣጥን ባለበት አዳራሽ ያሳዩታል። መርማሪው የሰረዛት ቃል ጎን ላይ ኤንካርና በራሷ እጅ፣ በቀይ እርሳስ የጻፈችውን በስልኩ አነበበልኝ፦

«እዚህ ላይ ከሣጥኑ ውስጥ አንዲት ሴት ታጨበጭባለች። ሕዝቡ ይከተላት። ሽማግሌው ቃሉን ይበለው፣ አይሰማ። ከዚያ ከወለሉ ሥር ይምጣ።»

እስክትሞት ድረስ ሣጥኑ ውስጥ ገብታ የምታጨበጭበው ራሷ ነበረች። የልምምዱን ጊዜ ግን፣ አለኝ ማቲያስ፣ ከዙሪክ ወዲህ ፊተኛው ወንበር ላይ ተቀምጣ ነበር የምትከታተለን። እጇን ጭኗ ላይ አድርጋ፣ ጋውኗን ሳትነካ።

እሱ ቀጠለ።

«አሁን ሣጥኑ ውስጥ የምትገባው ልጄ ናት። አንድ ነገር ግን አልሆነልንም። ኤንካርናም ስታጨበጭብ ሁልጊዜ ‹የሰዓዳ እንዲህ አልነበረም› ትል ነበር። ያን ቀን በጆሮዋ ሰማችው እንጂ አላየችውም። እንዴት ነበር ያደረግሽው?»

ይሄ ነበር ጥያቄው። ካውያውን አቆምኩት። ስልኩን መተኮሻው ጠረጴዛ ላይ አስቀመጥኩና እንዲሰማው የቀኝ መዳፌን በግራ እጄ ጀርባ ላይ አንዴ አሳረፍኩ። መልሼ ስልኩን ጆሮዬ ላይ አደረግኩ።

ማቲያስ ዝም ብሏል። ጠበቅኩት። እግሩ አይታየኝም።